ስንጥቁ የጀመረበት ቤት

ካርቱም ውስጥ አንዲት የደላት እመቤት ለአዲሷ የቤት ሠራተኛዋና ለሠራተኛዋ ትንሽ ልጅ የሚበሉበትንና የሚጠጡበትን ዕቃ ትለያለች። ከቤተሰቡ ዕቃ ጋር እንዳይቀላቀልም በጥፍር ቀለም ምልክት ታደርግበታለች። ሴትየዋ ክፉ አይደለችም። ልጁን ታስተምራለች፣ እናቱ ትምህርቷን እንድትቀጥል ትገፋፋለች፣ ባል ከቤት ሲወጣ ሁለቱ ሴቶች እንደ ጓደኛ ተቀምጠው ያወራሉ። ሰሃኑ ግን ለየብቻ ነው።

ይህ ሱዳናዊው ዳይሬክተር መሐመድ ኮርዶፋኒ በሠራው «ጉድባይ ጁሊያ» ውስጥ ያለ ነገር ነው። ፊልሙ ሁለት ሰዓት ይፈጃል። ጥይት አለበት፣ አመፅ አለበት፣ የአንድ አገር ለሁለት መከፈል አለበት። እኔን ግን ከሁሉም በላይ የያዘኝ ያ የተለየ ሰሃን ነው። አዲስ አበባ ወይም ጎንደር ወይም ደሴ ያደገ ሰው «የሠራተኛዋ ኩባያ» ሲባል አስረጂ አይፈልግም። ስንቶቻችን ቤት እንዲህ ያለ ኩባያ እንደነበረ እናውቃለን። ኮርዶፋኒ የሚለው፣ እኔ እንደገባኝ፣ ይህ ነው፦ ሱዳን በ2011 በድምፅ መስጫ ሣጥን ከመከፈሏ ከብዙ ዘመን በፊት በእንዲህ ያሉ ቤቶች ጓዳ ውስጥ ተከፍላ ነበር። (በዚህ ጽሑፍ ያሉት ዓመቶች በሙሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

ሰውየው ወደ ፊልም የመጣው በአቋራጭ አይደለም። ሙያው የአውሮፕላን ምሕንድስና ነበር፤ ባሕሬን ውስጥ ለዓመታት ሠርቶበታል። የፊልም ትምህርት ቤት ደጃፍ አልረገጠም። ከሥራው በሚተርፈው ጊዜ አጫጭር ፊልሞችን እየሠራ ነው ሙያውን ለራሱ ያስተማረው። በኋላ ቋሚ ሥራውን ትቶ ካርቱም ውስጥ ክሎዚየም ስቱዲዮስ የተባለ የራሱን ድርጅት አቋቋመ። ደሞዙ የታወቀና ለቤተሰብ የሚተርፍ ሥራ ትቶ፣ ሲኒማ ቤቶቿ ተዘግተው በከረሙባት ከተማ ፊልም ሠሪ መሆን ምን ያህል ድፍረት እንደሚጠይቅ ለማወቅ ከተማዋ ያለፈችበትን ማየት ያስፈልጋል።

ካርቱም ፊልም የማታውቅ ከተማ አልነበረችም። ጋዳላ ጉባራ የተባሉት አንጋፋ በ1955 ከተማዋን በቀለም ፊልም ቀርጸዋታል። አህጉራችን ገና በቅኝ ግዛት ሥር በነበረችበት ዘመን አንድ አፍሪካዊ ካሜራ ይዞ የገዛ ከተማውን በቀለም ሲቀርጽ ማሰብ ራሱ ደስ ያሰኛል። ጉባራ በስተርጅና ዓይናቸው ጠፍቶ እንኳ ሥራውን አልተዉም፤ ልጃቸው ሣራ ዓይን ሆነቻቸው። ከእሳቸው ቀጥሎ በሞስኮ፣ በካይሮና በምሥራቅ ጀርመን ተምረው የተመለሱ ወጣቶች መጡ። ከእነሱ አንዱ ኢብራሂም ሻዳድ በ1981 «ጀመል» የተሰኘ አጭር ፊልም ሠሩ። ባለታሪኩ ግመል ነው። የሰሊጥ መጭመቂያ እየጎተተ ጠባብ ቤት ውስጥ ሲዞር ይውላል፤ ፊልሙም እሱኑ ይከተላል። ሩብ ሰዓት በማይሞላ ጊዜ ውስጥ ያንን ግመል እንደ ሰው እናውቀዋለን። አንድን ፍጡር ቀርቦ፣ ታግሦ፣ ዓይን ሳይነቅሉ ማየት በሱዳን ሲኒማ ውስጥ ኮርዶፋኒ ያመጣው አዲስ ነገር እንዳልሆነ ለማስታወስ ነው ይህን ያነሳሁት።

ሻዳድ፣ ሱሌይማን ሞሐመድ ኢብራሂም፣ ኤልጣይብ ማህዲና ጓደኞቻቸው በአፕሪል 1989 የሱዳን ፊልም ቡድንን መሠረቱ። ሦስት ወር አልሞላም፤ ጁን 30 ቀን ኦማር አል በሽር በመፈንቅለ መንግሥት ሥልጣን ያዘ። ቡድኑ ታገደ፣ ሲኒማ ቤቶች አንድ በአንድ ተዘጉ፣ ሰዎቹም ወይ ታሠሩ ወይ ተሰደዱ። ሱሃይብ ጋስሜልባሪ በ2019 በሠራው «ቶኪንግ አባውት ትሪስ» ዘጋቢ ፊልም ውስጥ እነዚሁ ሰዎች ሸምግለው እናያቸዋለን። ኦምዱርማን ውስጥ የተዘጋ አንድ ክፍት አየር ሲኒማ ቤት አቧራውን ጠርገው ለአንድ ምሽት እንኳ ሊከፍቱ ይሞክራሉ። የሰፈሩን ሰው ምን ዓይነት ፊልም ማየት እንደሚፈልግ እየዞሩ ይጠይቃሉ፤ ፈቃድ ፍለጋ ከቢሮ ቢሮ ይመላለሳሉ። ፊልሙ በርሊን ላይ የዓመቱ ምርጥ ዘጋቢ ፊልም ተብሎ ተሸለመ። ሽማግሌዎቹ ግን ያንን ምሽት አላገኙትም።

እንግዲህ ኮርዶፋኒ የተነሳው በዚህ ባዶ ሜዳ ላይ ነው። ጨርሶ ባዶ ነበር ማለትም አይደለም። በ2010 በጣላል አፊፊ መሪነት የተጀመረው ሱዳን ፊልም ፋክተሪ ወጣቶችን ካሜራ እያስያዘ ያሠለጥን ነበር፤ ከ2014 ጀምሮም የሱዳን ነጻ ፊልሞች ፌስቲቫል በየጥር ወሩ ይካሄድ ጀመር። ሲኒማ ቤት በሌለበት አገር ፌስቲቫል! ስክሪን ባገኙበት ግቢ ሁሉ ወንበር እየደረደሩ ነበር የሚያሳዩት። የኮርዶፋኒ «ኒየርኩክ» የተሰኘው አጭር ፊልም በ2016 የወጣ ሲሆን፣ «ጥቁር ዝሆን» የተባለውን የምርጥ ሱዳናዊ ፊልም ሽልማት አገኘ፤ ከዚያም በቱኒዚያው የካርቴጅ ፌስቲቫልና በሚላን ተሸለመ። ባለታሪኩ ጦርነት ከቀዬው አፈናቅሎት ካርቱም የገባ ልጅ ነው። ዳይሬክተሩ ስለ ጦርነቱ መንስኤ ንግግር አያበዛም። ልጁን ይከተለዋል፤ ከተማዋ ልጁን ምን እንደምታደርገው ያያል።

ቀጥሎ አብዮቱ መጣ። ተቃውሞው በዲሴምበር 2018 ተነሳ፤ በቀጣዩ አፕሪል 6 ሕዝቡ ከጦር ኃይሉ ዋና መምሪያ ፊት ለፊት ድንኳን ጥሎ ተቀመጠ፤ አምስት ቀን ቆይቶ አል በሽር ወደቀ። ያ አደባባይ ለሁለት ወር ያህል ሻይ የሚፈላበት፣ ሥዕል የሚሣልበት፣ ግጥም የሚነበብበት ከተማ ሆኖ ነበር። የኮርዶፋኒ «ከጀርስ ፕሪዝን» አጭር ፊልም እዚያው አደባባይ ላይ በሺዎች ለሚቆጠሩ ሰልፈኞች ታየ። ሲኒማ ቤት አጥቶ የኖረ ሕዝብ ፊልም ሊያይ አስፋልት ላይ ተቀመጠ ማለት ነው። በ2020 ደግሞ «ኤ ቱር ኢን ላቭ ሪፐብሊክ» በሱዳን ብሔራዊ ቴሌቪዥን የተላለፈ አብዮቱን የሚደግፍ የመጀመሪያው ፊልም ሆነ።

እዚህ ላይ ብዙ ሰው ሊሄድበት የሚችለው መንገድ ግልጽ ነበር። አደባባዩን ያየ፣ ሺዎች ያጨበጨቡለት ወጣት ዳይሬክተር የመጀመሪያውን ሙሉ ርዝመት ፊልሙን ስለ አብዮቱ፣ ስለ ጀግኖቹና ስለ ሰማዕቶቹ ቢሠራ ማን ይፈርድበታል? ኮርዶፋኒ ከአደባባዩ ወጥቶ አንድ ቤት ገባ፤ ሁለት ሴቶች፣ አንድ ባልና አንድ ልጅ ያሉበት ቤት። ለእኔ የዚህ ሰው ትልቁ ውሳኔ ይህ ነው።

ከየት እንደተነሳ በቃለ ምልልሶቹ ደጋግሞ ተናግሯል። ደቡብ ሱዳናውያን በጃንዋሪ 2011 በሰጡት ድምፅ 98.83 በመቶው መገንጠልን መረጠ። ይህ ቁጥር ኮርዶፋኒን አስደነገጠው። አንድ ሕዝብ ከሞላ ጎደል በአንድ ድምፅ «ከእናንተ ጋር አንኖርም» ሲል፣ ጥፋቱን ሁሉ በመንግሥት ላይ ጥሎ መሄድ አልሆነለትም። ወደ ራሱ ተመለሰ። ከአስተዳደጉ የወረሰውን፣ ሳያውቀው ይዞት የኖረውን ንቀት ራሱ ውስጥ አገኘው፤ ይህንንም በአደባባይ ተናገረ። በብሔርና በዘር ጉዳይ ሁሉም ሌላውን በሚከስበት በእኛ አካባቢ አንድ ሠዓሊ ወይም ፊልም ሠሪ «ከእኔ ልጀምር» ሲል መስማት ብርቅ ነው። የአውሮፕላን መሐንዲስ አንድ ክንፍ ሲሰበር ነፋሱን ብቻ ጥፋተኛ አያደርግም፤ ብረቱ ውስጥ ለዓይን የማትታይ ስንጥቅ ከየት እንደጀመረች ይፈልጋል። ኮርዶፋኒ ያንን የድሮ ሙያውን ልማድ ወደ ፊልሙ ይዞት የመጣ ይመስለኛል።

ታሪኩ የሚነሳው በ2005 ነው። ከሃያ ዓመት በላይ የዘለቀውን ጦርነት ያበቃው የሰላም ስምምነት በዚያው ዓመት ጃንዋሪ ተፈርሟል፤ የደቡቡ መሪ ጆን ጋራንግ በጁላይ የመጀመሪያ ምክትል ፕሬዚዳንት ሆነው ቃለ መሐላ ፈጽመዋል። ከሦስት ሳምንት በኋላ ሄሊኮፕተራቸው ተከስክሶ ሞቱ። ካርቱም ነደደች። ደቡባውያን በሐዘንና በቁጣ አደባባይ ወጡ፣ ሰሜናውያን መሣሪያ አነሱ፤ በቀናት ውስጥ ከ100 በላይ ሰው አለቀ።

ፊልሙ ወደዚያ ትርምስ የሚገባው በሞና በኩል ነው። ሞና ዘፋኝ ነበረች፤ ባሏ አክረም ስላልወደደው ትታዋለች። አሁን መዝፈን የቀረባት ብቻ ሳይሆን ለመስማትም መዋሸት የሚያስፈልጋት ሴት ናት። አንድ ቀን መኪናዋን እየነዳች አንድ የደቡብ ልጅ ትገጫለች። ደንግጣ ታመልጣለች። የልጁ አባት በሞተር ብስክሌት ይከተላታል። እሷ ባሏን ትጠራለች፤ ምን እንዳደረገች ግን አትነግረውም። አክረም ሚስቱን የሚያሳድድ ጥቁር ሰው ሲያይ ይተኩሳል፣ ይገድለዋል። ፖሊስ ጉዳዩን ያዳፍነዋል። ሞና የሟቹን ሚስት ጁሊያን ፈልጋ ታገኛታለች፤ ማን እንደሆነች ሳትነግራት ልጇን ዳኒን ጨምራ በቤት ሠራተኝነት ታስገባታለች። ከዚያ ወዲያ ያለው የአምስት ዓመት ኑሮ ነው። መጨረሻውን ላላያችሁት ስል አልነግራችሁም።

አንድ ነገር ግን ልብ በሉ። አክረም ነፍሰ ገዳይ ነው፤ በዚያው ልክ ሥራውን የሚወድ አናጢ ነው። የገደለው ሰው ልጅ መሆኑን ሳያውቅ ዳኒን ይወደዋል፣ ከእንጨት ሥራው ያስተምረዋል። ፊልሙ ሚስቱን ዝም ያሰኘ፣ ደቡባውያንን በባሪያ ስም የሚጠራ ሰው ሲያሳየን ልንጠላው እንችላለን፤ ልጁ መጋዝ ሲይዝ አጠገቡ ቆሞ ስናየው ግን ጥላቻው አይዘልቅልንም። የትልልቅ ፖለቲካዊ ፊልሞች ክፉ ገጸ ባሕርይ ከቤታችን ውጭ ያለ ሰው ነው። አክረም አጎታችን ነው፤ በዓል ሲሆን በግ የሚያርድልን፣ ስንታመም ሐኪም ቤት የሚወስደን አጎታችን። የውሸቱም ነገር እንዲሁ ነው። የሞና የመጀመሪያ ውሸት ዘፈን ለመስማት የተዋሸች ትንሽ ውሸት ነበረች። ያቺን ለመሸፈን ሌላ፣ ሌላውን ለመሸፈን ሌላ እየተጨመረ ሄዶ ሬሳ ይሸፍናል።

ይህን ዓይነት ፊልም ተዋናይ ይሠራዋል ወይ ይገድለዋል። ሞና ሆና የተጫወተችው ኢማን ዩሲፍ ድምፃዊትና የመድረክ ተዋናይት ናት፤ ስለዚህ ሞና ስትዘፍን የምንሰማው እውነተኛ ጉሮሮ ነው። ጁሊያን የተጫወተችው ሲራን ሪያክ ሞዴል ነበረች። ዝምታዋ ከብዙዎች ንግግር ይበልጣል፤ ሰሃኑን ስታጥብ፣ ስታነሳ፣ ስታስቀምጥ ምን ታውቃለች ምን አታውቅም እያልን ፊቷን እንድናነብ ታደርገናለች። ከተዋንያኑ ውስጥ ለእኛ ቅርብ የሆነ ሰውም አለ። ማጂየር የተባለውን የደቡብ ተዋጊ የተጫወተው ገር ዱዋኒ በልጅነቱ ከጦርነቱ ሸሽቶ ጋምቤላ ውስጥ በኢታንግ የስደተኞች መጠለያ ኖሯል። በኋላ አሜሪካ ሄዶ የሆሊውድ ተዋናይ ሆነ። የሚጫወተውን ሕይወት በእግሩ ሄዶበታል።

የፊልሙ ፕሮዲዩሰሮች አምጃድ አቡ አላላና መሐመድ አል ኦምዳ ናቸው። አቡ አላላ ራሱ በ2019 «ዩ ዊል ዳይ አት ትወንቲ» በተሰኘው ፊልሙ ቬኒስ ላይ የመጀመሪያ ሥራ ለሆነ ፊልም የሚሰጠውን ሽልማት ወስዷል፤ ሱዳንም ለኦስካር የላከችው የመጀመሪያ ፊልም ያ ነው። እሱም የአንድ ልጅ ታሪክ ነው፤ በሃያ ዓመቱ እንደሚሞት ገና ሲወለድ የተነገረለት ልጅ። የዚህ ትውልድ ፊልም ሠሪዎች አንዱ የሌላውን ሥራ ይሸከማል፤ መንግሥትም ሆነ ባንክ በማይደግፈው ሙያ ሌላ መንገድ የላቸውም።

ቀረጻው የተካሄደው እዚያው ካርቱም ውስጥ፣ ጦሩ በኦክቶበር 2021 ሥልጣን ከነጠቀ በኋላ ባለው ጊዜ ነው። ሰልፍ ሳይበርድ፣ መንገድ ሲዘጋ፣ አስለቃሽ ጭስ ሲተኮስ ነበር የሚቀርጹት። የ2005ን አመፅ ለመሥራት የወጡ ሰዎች በ2022 አመፅ መሐል ሆነው ነው የሠሩት። ደግሞም የከተማዋን የመጨረሻ ምስል እየቀረጹ እንደሆነ ማንም አያውቅም ነበር። ኤፕሪል 15 ቀን 2023 ጦሩና ፈጥኖ ደራሽ ኃይሉ ካርቱም ላይ ተኩስ ከፈቱ። «ጉድባይ ጁሊያ» ካን ላይ የታየው ጦርነቱ ከተነሳ ከአምስት ሳምንት በኋላ ነው። በፌስቲቫሉ ይፋዊ ምርጫ ውስጥ የገባ የመጀመሪያው የሱዳን ፊልም ሆነ፤ «አን ሰርተን ረጋር» በተባለው ክፍል የነጻነት ሽልማትን ተቀበለ። ሽልማቱ በተሰጠበት ሳምንት የፊልሙ ከተማ ነዋሪዎች ሻንጣ እየያዙ ወደ ፖርት ሱዳን፣ ወደ ግብፅ ድንበርና ወደ መተማ እየጎረፉ ነበር።

በዚያው ዓመት ኦክቶበር ፊልሙ በግብፅ ሲኒማ ቤቶች ወጣ። ካይሮ በዚያን ጊዜ በሱዳናውያን ስደተኞች ተሞልታለች። የጠፋባቸውን ሰፈር፣ አጥሩን፣ የሻይ ሴቲቱን በርጩማ፣ የሴቶቹን ቶብ፣ የዓባይን ዳር በትልቅ ስክሪን ሊያዩ ገቡ። ስለ 2005 የተሠራ ፊልም ያኔ ስለ 2023 የሚናገር ሆነ፤ በጓዳ የጀመረው ንቀት ደቡቡ ከሄደ በኋላ ሌላ የሚንቀው አላጣም፤ ዳርፉርም ኮርዶፋንም ያውቁታል።

ቅርብ ሆኖ ሰውን ማየት ከጦርነቱ በኋላም አልቆመም። በ2025 ሰንዳንስ ላይ የታየው «ካርቱም» የተሰኘ ዘጋቢ ፊልም ከእንግሊዛዊው ፊል ኮክስ ጋር የአራት ወጣት ሱዳናውያን ዳይሬክተሮች ሥራ ነው። አምስት ሰዎችን ይከተላል፦ የመንግሥት ሠራተኛ፣ የሻይ ሻጭ፣ የሰፈር ተቃውሞ ኮሚቴ አባል፣ ፕላስቲክ ጠርሙስ የሚለቅሙ ሁለት ልጆች። ቀረጻውን ከተማዋ ውስጥ ጀምረው ነበር፤ ጦርነቱ ሲመጣ ሠሪዎቹም ባለታሪኮቹም ተሰደዱ። ኬንያ ውስጥ ተገናኝተው፣ ከአረንጓዴ መጋረጃ ፊት ቆመው፣ ጦርነቱ የደረሰባቸውን ቀን ራሳቸው እየተጫወቱ ጨረሱት።

ስለ «ጉድባይ ጁሊያ» ቅር የሚለኝ ነገር አለ። ፊልሙ በስሙ የጁሊያ ይሁን እንጂ የምናየው በአብዛኛው በሞና ዓይን ነው። የሞና ጸጸት፣ የሞና ፍርሃት፣ የሞና ድምፅ። ጁሊያ ማታ ልጇን አስተኝታ ለብቻዋ ስትሆን ምን ታስባለች? ኮርዶፋኒ ሰሜናዊ ነው፤ የሚያውቀውን ጓዳ ከሚያውቀው በኩል መክፈቱ ሐቀኝነት ነው። ከሠራተኛዋ በኩል ያለውን ግን ሌላ ሰው ሊሠራው ይገባል።

ለእኛ ይህ የሩቅ ጉዳይ አይደለም። የጁሊያን ሥራ ካርቱም ውስጥ ለአሥርት ዓመታት የሠሩት ብዙዎቹ የእኛ እህቶች ናቸው። ዴም ሰፈርና ጀሪፍ በቡናቸውና በእንጀራቸው ይታወቁ ነበር። ከደርግ ዘመን ጀምሮ በመተማና በሁመራ በእግር እየተሻገሩ የሰው ቤት ጠርገዋል፣ ልጅ አሳድገዋል፣ ጀበና ጥደው ሸጠዋል። አንዲት ኢትዮጵያዊት ፊልም ሠሪ ይህን ገና በ1991 አይታዋለች። ሳሌም መኩሪያ፣ በኋላ በአሜሪካው ዌልስሊ ኮሌጅ ያስተማረችው፣ «ስደት» በተሰኘ ዘጋቢ ፊልሟ ሱዳን ውስጥ የሚኖሩ ሦስት የኢትዮጵያና የኤርትራ ስደተኛ ሴቶችን ተከትላለች። ስለ ረሃቡና ስለ ጦርነቱ የዓለም ጋዜጠኞች ሺህ ጊዜ የቀረጹት የተራቆተ ሕዝብ እዚያ የለም፤ ሦስት ሰዎች ናቸው ያሉት፣ እያንዳንዳቸው የየራሳቸው ኑሮና የየራሳቸው አነጋገር ያላቸው።

«ስደት»ን ያየ የአገራችን ወጣት ጥቂት ነው። ሲኒማ ቤት ያላቸው፣ የፊልም ክበብ የሚመሩ፣ በዩኒቨርሲቲ ፊልም የሚያስተምሩ ሰዎች ሁለቱን ፊልሞች በአንድ ቅዳሜ፣ አንዱን ከሌላው አስከትለው እንዲያሳዩ እለምናለሁ። መጀመሪያ ሞና ሰሃኑን ስትለይ እንይ፤ ከዚያ መብራቱ ሳይበራ የሳሌም ሦስቱ ሴቶች ራሳቸው ይናገሩ።